ጎንደር ላይ ባለ ሁለት መቀመጫ አውሮፕላን በእጅ ለመሥራት የቱን እንምረጥ?

በእጃቸው አውሮፕላን መሥራት የሚፈልጉ ወጣቶች ጎንደር ውስጥ ጥቂት አይደሉም። የዩኒቨርሲቲው የምህንድስና ተማሪዎች አሉ፣ አዘዞ ጋራዥ የሚውሉ መካኒኮች አሉ፣ አራዳ ላይ ብየዳ ቤት ያላቸውም አሉ። ሲያገኙኝ የሚጠይቁኝ ስለ ፍጥነትና ስለ መልክ ነው። "ጋሼ፣ ሎንግ ኢዚ ብንሠራስ? በጣም ያምራል እኮ!" እውነት ነው፣ ሞተሩ ከኋላ የሆነው ያ አውሮፕላን ያምራል። እኔ ግን መልሴን የምጀምረው ሁልጊዜ ከአየሩ ነው። ጎንደር ላይ የትኛው አውሮፕላን ሁለት ሰው ይዞ በደህና እንደሚነሳ የሚወስነው እሱ ነውና።

ከመነሻው ሐሳቤን ልናገር። ለመጀመሪያ ጊዜ ለሚሠራ ሰው፣ እዚህ ከተማ፣ እኔ የምመርጠው ዜኒት ሲ.ኤች. 701ን ወይም ሰፋ ያለውን ወንድሙን 750ን ነው። ምክንያቴን ከሌሎቹ ጋር እያነጻጸርኩ አስረዳለሁ።

መጀመሪያ አየሩ

አዘዞ ያለው የአፄ ቴዎድሮስ አውሮፕላን ማረፊያ ከባሕር ወለል 2,000 ሜትር ገደማ ላይ ነው። በአምራቾች መግለጫ ላይ የምታዩት ቁጥር በአብዛኛው የተሰላው ለባሕር ወለል፣ ለ15 ዲግሪ ሙቀት ነው። በዚያው መለኪያ 2,000 ሜትር ላይ ይኖራል ተብሎ የሚታሰበው ሙቀት 2 ዲግሪ ብቻ ነው።

አሁን መጋቢት ላይ ከሰዓት በኋላ አዘዞ ሜዳ ላይ ቆማችሁ አስቡት። ቴርሞሜትሩ 28 ዲግሪ ይላል። አየሩ በሙቀት የበለጠ ሳስቷል። ስሌቱን ስትሠሩት አውሮፕላኑ ያለው 2,950 ሜትር ላይ እንደሆነ ያህል ነው። ሞተሩም፣ ፕሮፔለሩም፣ ክንፉም የሚያገኙት ያንን አየር ነው። ጠዋት 1 ሰዓት ላይ፣ ሙቀቱ 12 ዲግሪ ሲሆን፣ ያው ሜዳ እንደ 2,350 ሜትር ይሆናል። ስለዚህ ጎንደር ላይ በትንሽ አውሮፕላን ሁለት ሰው ሆኖ መብረር የጠዋት ሥራ ነው።

ይህ በተግባር ምን ያመጣል? ተርቦ (አየር አምቆ ወደ ሞተሩ የሚያስገባ መሣሪያ) የሌለው ሞተር በዚያ የከሰዓት አየር ውስጥ ከጉልበቱ 70 በመቶ ገደማ ብቻ ይቀረዋል። 100 ፈረስ ጉልበት የተባለው 71 ይሆናል። 80 የተባለው 57 ይሆናል። ለመነሳት የሚንደረደርበት ርቀት መግለጫው ላይ ካለው ከእጥፍ በላይ ይረዝማል። ወደ ላይ የሚወጣበት ፍጥነት ደግሞ ከግማሽ በታች ይወርዳል። ከጎንደር ዙሪያ ያሉትን ተራሮች ስታስቡ የመጨረሻው ቁጥር ከሁሉም በላይ ሊያሳስባችሁ ይገባል።

ማረፍም ይለወጣል። የፍጥነት መለኪያው የሚያሳየው ቁጥር አይቀየርም፤ መሬቱ ላይ ያለው እውነተኛ ፍጥነት ግን በ16 በመቶ ገደማ ይጨምራል። ሲ.ኤች. 701 በባሕር ወለል አየር መሸከም የሚያቆመው በሰዓት 48 ኪሎ ሜትር አካባቢ ነው። እዚህ 56 ይሆናል። በኋላ የማነጻጽረው ፈጣኑ አር.ቪ. 12 ደግሞ ከ76 ወደ 88 ይወጣል። ልዩነቱ ትንሽ ይመስላል። ግን ሞተር ቀጥ ብሎ የሰው ማሳ ላይ ለማረፍ ብትገደዱ፣ ክብደታቸው እኩል ቢሆን እንኳ፣ ሁለተኛው ይዞት የሚመጣው የግጭት ኃይል ከመጀመሪያው ሁለት ተኩል እጥፍ ገደማ ነው። የወገራን ድንጋያማ ማሳና የደምቢያን ዋልካ የሚያውቅ ሰው ይህ ምን ማለት እንደሆነ አይጠፋውም።

ሞተሩ ከአካሉ ይቀድማል

ብዙ ሰው አካሉን መርጦ ከጨረሰ በኋላ ነው ስለ ሞተር የሚያስበው። እዚህ አገር መገልበጥ አለበት።

ብዙ መካኒክ መጀመሪያ የሚያነሳው የቮልስዋገን ቢትል ሞተርን ነው። ምክንያቱ ይገባኛል። ቮልስን ከተማው ያውቀዋል፣ በአየር ይቀዘቅዛል፣ መለዋወጫውም ለዓይን አዲስ አይደለም። በውጭ አገርም ከእሱ የተሻሻሉ ሞተሮች በብዙ ትንንሽ አውሮፕላኖች ላይ ይበራሉ። አገራችን ውስጥም አስመላሽ ዘፈሩ ኬ-570ኤ ብሎ የሰየማትን ባለ ሁለት መቀመጫ አውሮፕላን ያዘጋጀው በዚሁ ሞተር ነበር። እ.ኤ.አ. በ2015 ያደረገው የመጀመሪያ የመነሳት ሙከራ አልተሳካም፤ ድፍረቱንና ትጋቱን ግን ከልቤ አከብራለሁ። ሒሳቡ ግን ሒሳብ ነው። 60 ፈረስ ጉልበት ያለው ሞተር አዘዞ ላይ ከሰዓት በኋላ 43 ገደማ ይቀረዋል። በዚያ ጉልበት አንድ ቀጭን ሰው ምናልባት ይበር ይሆናል። ሁለት ሰው ግን አይሆንም።

ቀጥሎ ያለው የኦስትሪያው ሮታክስ ነው። 912 በሁለት ዓይነት ይታወቃል፦ ባለ 80 እና ባለ 100። ለጎንደር ባለ 80ውን እርሱት። ባለ 100ው ቀላል አካል ላይ ከተገጠመ በጠዋት አየር ይሠራል። ካርቡሬተሮቹ ከፍታ ሲጨምር የነዳጁን ልክ በተወሰነ ደረጃ ራሳቸው ያስተካክላሉ። ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ሌላ ሞተር ላይ ጂግለር (ነዳጅ የሚመጥነውን ቀዳዳ) መለወጥ ሊኖርባችሁ ይችላል።

ከሁሉ የሚሻለኝ ግን ተርቦ ያለው 914 ነው። ለመነሳት እስከ 5 ደቂቃ 115 ፈረስ ጉልበት ይሰጣል፣ ከዚያ ሳያቋርጥ 100። ይህንን የመነሻ ጉልበት እስከ 2,400 ሜትር ገደማ ይዞ ይቆያል። በሌላ አነጋገር ጠዋት አዘዞ ላይ ከፍታው ብዙም አይሰማውም። 141 ፈረስ ጉልበት ያለው 915 ከዚህም ይበልጣል፤ ጉልበቱን እስከ 4,500 ሜትር ይጠብቃል። ሆኖም ይከብዳል፣ ዋጋው አፍ ያስከፍታል፣ ነዳጅ አረጫጨቱም ሙሉ በሙሉ በኤሌክትሮኒክስ የሚታዘዝ ነው። ሲበላሽ በቅርብ የሚያየው ሰው ማግኘት ይከብዳል። ለመጀመሪያ ሥራ 914 ይበቃል።

እነዚህ ሞተሮች የመኪና ቤንዚን ይጠጣሉ፤ ለእኛ ትልቅ እፎይታ ነው። ነገር ግን ባለ 100ውና 914 ኦክቴኑ 95 የሆነ ቤንዚን ይፈልጋሉ። ኢታኖል ከተቀላቀለበት ደግሞ ከ10 በመቶ መብለጥ የለበትም። ከማደያ የቀዳችሁትን ሳትፈትሹ ታንኩ ውስጥ አትገልብጡ። የኢታኖሉን መፈተሽ በጣም ቀላል ነው። ቀጭን ባለ መስመር ብልቃጥ ውስጥ ትንሽ ውሃ አድርጉ፣ መስመሩ ላይ ምልክት አድርጉ፣ ቤንዚን ጨምሩ፣ በደንብ ነቅንቁና አስቀምጡት። ከታች የተኛው ውሃ ከምልክቱ በላይ ከፍ ካለ ኢታኖል አለበት። ምን ያህል ከፍ እንዳለ አይታችሁ መጠኑን መገመት ትችላላችሁ። በሙቀትና በከፍታ የመኪና ቤንዚን ቱቦ ውስጥ ወደ እንፋሎት ስለሚለወጥም የነዳጅ መስመሩን ከጭስ ማውጫው አርቁት።

ሲ.ኤች. 701 እና 750

ክሪስ ሄይንትስ 701ን የነደፈው በ1980ዎቹ አጋማሽ (እ.ኤ.አ.) ነው። ኪቱን፣ ማለትም ገዝታችሁ የምትገጣጥሙትን የክፍሎች ስብስብ፣ የሚሸጠው ኩባንያ አሜሪካ ሚዙሪ ውስጥ ነው። ክንፉ ከላይ ነው፣ ወፍራም ነው፣ ከፊቱ ቋሚ ስንጥቅ ያለው ተጨማሪ ጠርዝ አለው። ያ ጠርዝ በዝግታ ሲበሩ አየሩ ከክንፉ ላይ እንዳይላቀቅ ያደርጋል። ባዶ ክብደቱ 263 ኪሎ ገደማ፣ ከነጭነቱ የሚፈቀደው 500 ኪሎ ነው። ሁለት 75 ኪሎ ሰዎችና ሙሉ ታንክ 76 ሊትር ቤንዚን ሲጫኑ ወደ 30 ኪሎ ትርፍ ይቀራል። 914 ከ912 ስለሚከብድ ከዚያ ትርፍ ላይ ትንሽ ይቆርጣል። ጉንጫቸው ሞላ ያለ ሁለት ወንድማማቾች ከሆናችሁ 750ን ምረጡ፤ ጋቢናው ይሰፋል፣ የሚሸከመውም ይጨምራል።

ጉድለቱ ግልጽ ነው፦ ቀርፋፋ ነው። በሰዓት 130 ኪሎ ሜትር ገደማ ይጓዛል። ከጎንደር ባሕር ዳር በቀጥታ 110 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ነፋስ ከሌለ 50 ደቂቃ ይፈጃል። በእኔ እምነት ይህ ለማንም አይበዛም። ጣናን ዳር ዳሩን ይዞ ጎርጎራን እያዩ መብረር ለሚመኝ ሰው ደግሞ ዝግታው ጸጋ ነው።

አሠራሩን ጠጋ ብለን እንየው፤ ምርጫዬን ያጠነከረልኝ እሱ ነውና። አካሉ 6061-ቲ6 የሚባል አሉሚኒየም ላሜራ ነው። የሚያያዘው በአንድ በኩል ብቻ በሚገባ የሚሳብ ሪቬት ነው፤ ከኋላ የሚደግፍ ሁለተኛ ሰው አያስፈልግም። ትራፓኖ ይዛችሁ ትበሳላችሁ። ሁለቱን ላሜራዎች ትለያዩና የቀዳዳውን ጠርዝ ሹል ቅሪት ትጠርጋላችሁ። ይህን ከዘለላችሁ በኋላ ስንጥቅ የሚጀምረው ከዚያች ቅሪት ነው። መልሳችሁ ትገጥማላችሁ፣ በጊዜያዊ መቆንጠጫ ፒን ታስራላችሁ፣ ከዚያ ሪቬቱን ትስባላችሁ። የዜኒት ዘዴ አንድ ብልሃት አለው። ሪቬቱ ራሱ ጠፍጣፋ ነው፤ የመሳቢያው አፍ ግን ጎድጎድ ተደርጎ ተሞርዷል። ሲሳብ የሪቬቱ ራስ በዚያ ጉድጓድ ተቀርጾ ክብ ሆኖ ይወጣል። ራሱ ከላሜራው ጋር ዙሪያውን ገጥሞ ካልተኛ ቦርቡሩና አውጡት፣ ሌላ አስገቡ። ቁም ሳጥን የገጠመ እጅ ይህንን በሳምንት ይለምደዋል።

አደራ የምላችሁ ግን፣ ከሕንፃ መሣሪያ ሱቅ የሚሸጠውን የመስኮት ሪቬት አትጠቀሙ። መጠኑ ቢመሳሰልም ጥንካሬው አይገናኝም። የጣሪያና የመስኮት አሉሚኒየምም እንደዚሁ።

አር.ቪ. 12

የኦሪገኑ ቫንስ ኩባንያ ከሠራቸው ባለ ሁለት መቀመጫዎች ለእኛ የሚቀርበው አር.ቪ. 12 ነው። በሥራ ጥራት ካያችሁት ከሁሉም ይበልጣል። ቀዳዳዎቹ ተበስተው ነው የሚመጡት፤ ላሜራው ከላሜራው ጋር ሲገጥም ልክ ይገባል። የመመሪያ መጽሐፉም እጅ ይዞ የሚመራ ነው። በሰዓት ወደ 215 ኪሎ ሜትር ይጓዛል፣ ባሕር ዳርን በግማሽ ሰዓት ያደርሳችኋል። ክንፎቹ ተነቅለው በተጎታች ጋሪ ይጫናሉ፤ ግቢው ጠባብ ለሆነ ሰው ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

ታዲያ ለምን አልመረጥኩትም? የተነደፈው ለባለ 100 ፈረስ ጉልበት 912 ነው። የሚፈቀደው ክብደት 600 ኪሎ ነው። በባሕር ወለል 200 ሜትር ገደማ ተንደርድሮ ይነሳል፤ አዘዞ ላይ በሙቀት 500 ሜትር ብትቆጥሩለት አታጋንኑም። ለትልቁ ማኮብኮቢያ ይህ ምንም አይደለም። ጭንቁ ከተነሳ በኋላ ያለው የመውጣት ፍጥነትና ቅድም ያልኩት የማረፊያ ፍጥነት ነው። የአስፋልት ማኮብኮቢያ ሁልጊዜ የሚያገኝ፣ ጠዋት ብቻ የሚበር፣ በቂ የበረራ ልምድ ያለው ሰው ቢመርጠው አልከራከርም።

ስለ ኩባንያው አንድ ነገር እወቁ። በ2023 (እ.ኤ.አ.) አንዳንድ ክፍሎች ቀዳዳቸው በሌዘር ተቆርጦ ስንጥቅ ታይቶባቸው ብዙ ክፍል መተካት ግድ ሆኖበት ነበር። በዚያው ዓመት መጨረሻ ዕዳውን መልሶ ለማደራጀት ፍርድ ቤት ገባ፤ በኋላ ወጥቶ ሥራውን ቀጥሏል። ከዚያ ዘመን የተረፈ ኪት ከሰው እጅ በርካሽ ቢቀርብላችሁ ክፍሎቹ በሌዘር የተቆረጡ መሆን አለመሆናቸውን ሳታጣሩ ብር አትክፈሉ። ዝቅ ባለ ክንፍ የሚታወቀውን የዜኒት 601 ኤክስ.ኤል. ያገለገለ ኪት የምታስቡም ካላችሁ፣ በአየር ላይ ክንፋቸው የተሰበረ ስለነበሩ በ2009 የአሜሪካ የትራንስፖርት ደህንነት ቦርድ ከበረራ እንዲታገዱ ጠይቆ ነበር። ከዚያ በኋላ የወጣው የክንፍ ማጠናከሪያ ያልተገጠመበትን በነፃም ቢሰጧችሁ አትቀበሉ።

ኪትፎክስ

የብረት ቱቦ አጽም ላይ ጨርቅ የለበሰ ነው። ክንፉ ወደ ኋላ ይታጠፋል። ጥሩ አውሮፕላን ነው፤ ዝግ ብሎ ያርፋል፣ 914ም 915ም ይሸከማል። ከ701 ፈጠን ይላል። በአፈጻጸም ብቻ ቢሆን ኖሮ ምርጫዬን ሊያስቀይረኝ ይችል ነበር።

የሚያሳስበኝ ጨርቁ ነው። ፖሊስተሩን አጽሙ ላይ ካጣበቃችሁ በኋላ በካውያ ነው የምትወጥሩት። መጀመሪያ በ120 ዲግሪ፣ መጨረሻ ላይ በ175። ካውያው ከዚያ ካለፈ ጨርቁ ውጥረቱን ያጣል፣ እንደገናም አይመለስም። የቤት ካውያ ላይ የተጻፈውን አትመኑት፤ በቴርሞሜትር ለክታችሁ ራሳችሁ ምልክት አድርጉበት። ከዚያ የአሉሚኒየም ዱቄት ያለበት ብርማ ቀለም ይቀባል፤ ፀሐይ ጨርቁን እንዳይበላው የሚከለክለው እሱ ነው። የጎንደር ፀሐይ ደግሞ በከፍታው ምክንያት ትፋጃለች። ሃንጋር ወይም ጥሩ ጣሪያ ላለው ሰው ይሁን። ውጭ ለሚያሳድር አይሁን።

ሎንግ ኢዚና የእንጨቶቹ

አሁን ወደ ልጆቹ ጥያቄ። ሎንግ ኢዚ የበርት ሩታን ሥራ ነው፤ ፎምና ፋይበርግላስ፣ ትንሹ ክንፍ ከፊት፣ ሞተሩ ከኋላ። በትንሽ ነዳጅ ሩቅ ይሄዳል። ለጎንደር ግን አይሆንም። ፍላፕ (በዝግታ ለማረፍ ከክንፉ ኋላ የሚወርድ ክፍል) የለውም፣ ረጅም አስፋልት ይፈልጋል፣ በስስ አየር ደግሞ የበለጠ ይረዝምበታል። ጎማዎቹ ትንንሽ ናቸው፤ የሚያፈናጥሩት ጠጠር ከኋላ ያለውን ፕሮፔለር ይመታል። ንድፉ ከ1985 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ ከባለቤቱ መሸጥ አቁሟል።

ከዚህ አውሮፕላን ግን ሁላችንም ልንማር የሚገባ ነገር አለ። ዘፋኙ ጆን ዴንቨር በ1997 (እ.ኤ.አ.) የሞተው በሎንግ ኢዚ ነው። ያንን አውሮፕላን የሠራው ሰው የነዳጅ መምረጫውን (ከታንክ ወደ ታንክ የሚቀይረውን) እጀታ ንድፉ ካለው ቦታ አንስቶ ከአብራሪው ግራ ትከሻ ጀርባ አስቀምጦት ነበር። ያንን ለመድረስ መዞር ያስፈልግ ነበር። የትኛውንም ብትመርጡ ንድፉን "ትንሽ ላሻሽለው" አትበሉ። ወንበሩን አልብሱት፣ ቀለም ቀቡት። የነዳጅ መስመር፣ የመሪ ገመድና የክንፍ አጥንት ግን እንደተጻፈው ይሁን።

ከእንጨቶቹ ታዋቂው ፒተንፖል ኤር ካምፐር ነው፤ በ1920ዎቹ መጨረሻ በፎርድ መኪና ሞተር የበረረ፣ አሁንም ሰው የሚሠራው። ቆንጆ ታሪክ ነው። በ40 ፈረስ ጉልበት ጎንደር ላይ ሁለት ሰው ማንሳት ግን አይታሰብም። እንጨቱም ስፕሩስ የሚባል የጥድ ዘመድ ነው፤ በባህር ዛፍ አይተካም፣ ይጣመማል። አገራችን ውስጥ የተሠራችውን ፀሐይን አስታውሱ። በ1928 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ጀርመናዊው ሉድቪግ ዌበር ሲሠራት የተገጠመላት የዋልተር ቬኑስ ሞተር 115 ፈረስ ጉልበት ነበረው። ከጣሊያን በጥር 2016 ዓ.ም. የተመለሰችልን ያቺ ትንሽ አውሮፕላን ደጋ ላይ ለሚበር ምን ያህል ጉልበት እንደሚያስፈልግ ያኔውኑ ታሳያለች።

ገንዘቡና ወረቀቱ

ከሁሉ በፊት የኢትዮጵያ ሲቪል አቪዬሽን ባለሥልጣን ጋ ሂዱ። ኪቱን ከማዘዛችሁ በፊት፣ የመረጣችሁትን ሞዴልና ሞተር በጽሑፍ ይዛችሁ፣ ምን ዓይነት ቁጥጥርና ፈቃድ እንደሚጠይቁ በጽሑፍ ተቀበሉ። የአየር ክልሉ ጉዳይ የጸጥታ አካላትንም ይመለከታል። ጉምሩክ ላይም ይኸው ወረቀት ያስፈልጋችኋል። ሣጥኑ ጅቡቲ ከደረሰ በኋላ መሯሯጥ ኪስ ይጎዳል።

ወጪው በዶላር ነው። 912 ባለ 100ው ብቻውን ከ20,000 ዶላር በላይ ነው፤ 914 ከዚያ ይበልጣል። ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. ወዲህ የምንዛሪ ተመኑ በገበያ ስለሚወሰን የዛሬው ስሌት ለከርሞ አይሠራም። ስለዚህ ብቻችሁን ከምትሞክሩት ሦስት አራት ሆናችሁ በጋራ ሥሩት። የሥራውን ሰዓትም ፋብሪካው ከሚለው አንድ ተኩል እጥፍ ገምቱ። ለ701 አራት በሰባት ሜትር የሆነ ደረቅ ክፍል ይበቃል፤ ክንፎቹ ለየብቻ ስለሚሠሩ ግድግዳ ላይ ይሰቀላሉ።

አጀማመሩ እንዲህ ይሁን። ዜኒት የጅራቱን መሪ ብቻ በትንሽ ሣጥን ይሸጣል። መጀመሪያ እሱን አስመጡ። ሁለት ቅዳሜና እሁድ ይፈጃል። የተሳበውን ሪቬት ሁሉ፣ ከመዘጋቱ በፊት ያለውን የውስጥ ክፍል፣ በፎቶና በመዝገብ ያዙ። ፈቃድ ያለው የአውሮፕላን ጥገና ባለሙያ አምጥታችሁ አሳዩት። እሱ "ጥሩ ነው" ካላችሁ ክንፉን እዘዙ፣ ቀጥሎ አካሉን። ሞተሩን ግን የመጨረሻ አድርጉት። ሮታክስ ላይ ያሉት የጎማ ክፍሎች በየ5 ዓመቱ ይለወጣሉ፤ ሞተሩ ሣጥን ውስጥ ለዓመታት ቢተኛም ጎማው ማርጀቱ አይቀርም።